ቤቱ ዛሬ ስንት ያወጣል?

“ቤትሽ ውድ ነው” ተብላ የተናደደች ሴት ካለች እትዬ ሜትር ናት።

ጎረቤቶቿ ይህን ስም ያወጡላት የልብስ መለኪያ ሜትሯን ከአንገቷ ስለማታወርድ ነው፤ ገበያም ሐኪም ቤትም ይዛው ትሄዳለች። ልብስ ሰፊ ናት። የስፌት መኪናዋን ሳሎኗ መስኮት ሥር፣ ሙሉ ቁመት የሚያሳየውን መስታወቷን ከመኪናው ፊት ለፊት አድርጋ እዚያው ቤቷ ትሠራለች። ባሏ የመኪና መንዳት አስተማሪ ነው፤ ቀኑን ሙሉ ከጀማሪ ሾፌር ጎን ተቀምጦ ስለሚውል ሰው ማመን ለምዷል። እሷ ግን አልለመደባትም።

ሦስተኛ ፎቅ ላይ ያለውን ቤታቸውን ከገዙ ሰባት ዓመት ሆኗቸዋል። ሕንፃው ስምንት ቤቶች አሉት። ምድር ላይ ያሉት ሁለቱ የባለመሬቱ ናቸው። እኚህ ሽማግሌ ኮንትራክተሩ በመሬታቸው ላይ እንዲሠራ ፈቅደው በምላሹ ሁለቱን ቤት ወሰዱ። ኮንትራክተሩ የቀሩትን ስድስቱን ለስድስት ቤተሰብ ሸጠና አድራሻውን አጠፋ። ገዢዎቹ ቁልፍ አላቸው፣ ውል አላቸው፣ መጋረጃ ሰቅለው ልጅ እያሳደጉ ነው፤ የባለቤትነት ካርታው ግን አሁንም በሽማግሌው ስም ነው። “ስም ያዙሩልን” ባሏቸው ቁጥር መልሳቸው አንድ ነው፤ “የሸጠላችሁን ጠይቁ። እኔ ከእናንተ ጋር ምን ውል አለኝ?”

በመጨረሻ ስድስቱም ተሰብስበው ሽማግሌውን ከሰሱ።

አንድ ማክሰኞ ጠበቃቸው የመልሱን ወረቀት ይዛ እትዬ ሜትር ሳሎን መጣች። ከየቤቱ አንድ አንድ ሰው ወርዶ፣ ወጥቶ ተሰብስቧል። ወንበር ያልበቃው ጨርቅ ክምሩ ላይ ተቀምጧል።

“ቤታችሁ ውድ ነው እያሉ ነው” አለች ጠበቃዋ።

“እሰይ!” አለ የእትዬ ሜትር ባል።

“እሰይ አይደለም። እኛ የከሰስነው ውሉ ላይ ባለው ዋጋ ነው። በዚያ ዋጋ ከሆነ ጉዳዩን የታችኛው ፍርድ ቤት ያየዋል። የባለመሬቱ ጠበቃ ደግሞ ‘ያ ከሰባት ዓመት በፊት የነበረ ዋጋ ነው፤ ዛሬ እጥፍ ያወጣል፤ ስለዚህ ይህ ፍርድ ቤት ሥልጣን የለውም’ ብሏል።”

“ሥልጣን የለውም ከተባለስ?” አለች እትዬ ሜትር።

“መዝገቡ ይዘጋል። የዳኝነቱን ክፍያ በአዲሱ ዋጋ ከፍለን ከፍተኛው ፍርድ ቤት ከሀ እንጀምራለን። ዓመት የለፋንበት ውሃ በላው ማለት ነው።”

ቀጥላም ከወረቀቱ አንድ መስመር አነበበች። “በተለይም በአራተኛው ወለል ላይ ለሚገኘው ቤት ባለፈው ወር የውሉን ዋጋ እጥፍ የሚከፍል ገዢ ቀርቦ ሳለ፣ ከሳሿ ያንሰኛል በማለት ሳትሸጥ ቀርታለች።”

አራተኛ ፎቅ ያለችው ነርስ ናት፤ ሁሉም ሲስተር ይሏታል። ፊቷ አመድ መሰለ።

“ይሄን የነገርኩት ለእናንተ ብቻ ነው” አለች። “እዚሁ ክፍል፣ እዚሁ ወንበር ላይ ሆኜ።”

አንዱ ጣራውን፣ ሌላው ጫማውን ያያል። ቅድም ጨርቅ ክምር ላይ ተጠጋግተው የተቀመጡት ሁለት ሰዎች ሳያውቁት ራቅ ራቅ አሉ። ከዚያን ቀን ጀምሮ በደረጃው ላይ ሰላምታ አጠረ።

እትዬ ሜትር ቀኑን ሙሉ ስታወጣ ስታወርድ ሰነበተች። መርፌዋ ይሄዳል፣ ሐሳቧ ሌላ ቦታ ነው። ማን ሊሆን ይችላል? ሲስተር ራሷ አትሆንም። ባሏ እንደሆነ ምስጢር ነግረውት እንኳ ዕለቱን ይረሳዋል። እንዲህ እያለች በጣቷ ስትቆጥር ጋሽ ባንክ ላይ ደረሰች።

ጋሽ ባንክ ፊት ለፊቷ ያለው ቤት ገዢ ናቸው። ሠላሳ ዓመት ባንክ ሠርተው ጡረታ የወጡ፣ ረጋ ያሉ፣ ጫማቸውን ራሳቸው የሚወለውሉ ሰው። ሰባት ዓመት ሙሉ በር ለበር ኖረዋል። ሱሪያቸውን የምታሳጥርላቸው እሷ፣ የመንግሥት ቅጽ የሚሞሉላት እሳቸው። አሁን ግን አንድ ነገር ትዝ አላት፤ በየጠዋቱ ሦስት ሰዓት ላይ ጋዜጣ ጠቅልለው በነጠላ ጫማ ይወርዳሉ። በነጠላ ጫማ ደግሞ ሩቅ አይኬድም።

በማግስቱ በሯን ገርበብ አድርጋ ጠበቀች። ሦስት ሰዓት ሲሆን የጋሽ ባንክ በር ተከፈተ። እሷም ከኋላ ወጥታ በደረጃው ብረት ላይ አንገቷን አሰገገች። ወረዱ፣ ወረዱ፣ የግቢውን በር አልፈው አልሄዱም። የባለመሬቱን በር ሁለቴ ቆርቆር አድርገው ገቡ። በሩም ከውስጥ ተቆለፈ።

አንድ ሰዓት ያህል ቆይተው ሲመለሱ ደረጃውን እየጠረገች አገኟት።

“ከየት ነው ጋሼ?”

“እ… ዳቦ ልገዛ ወጣ ብዬ ነው።”

እጃቸው ላይ ጋዜጣው እንጂ ዳቦ የሚባል ነገር የለም። እትዬ ሜትር ጥርሷን ነክሳ ጠረገች።

“አገኘሁት” አለችው ለባሏ ምሳ ላይ። “ወሬውን የሚያወርደው ጋሽ ባንክ ነው።”

“ጋሽ ባንክ? ሰውዬው የራሳቸውን ዕድሜ የማይናገሩ ሰው ናቸው እኮ።”

“እሱ ነው ያሳሰበኝ! ዝም የሚል ሰው ምን እንደሚያስብ በምን ታውቃለህ?”

ባሏ ሳቀ፤ እሷ አልሳቀችም። ፍርድ ቤቱ ገማች ባለሙያ ሄዶ ቤቶቹን እንዲገምት ባዘዘ ጊዜ የገዢዎቹን ስብሰባ ጠራች፤ ጋሽ ባንክን ግን ሳትጠራ። ሲስተር “እሳቸውስ?” ስትል በዓይኗ ጠቀሰቻት። ጥቅሻው የገባው ወዲያው ገባው፣ ሌላው ቀስ ብሎ ገባው። ከዚያ በኋላ ጋሽ ባንክ “እንደምን አደራችሁ” ሲሉ መልሱ ከአፍንጫ ሆነ። እሳቸውም ነገሩ ሳይገባቸው አልቀረም፤ አንገታቸውን ደፍተው ማለፍ ጀመሩ።

ገማቹ ሊመጣ አንድ ሳምንት ሲቀረው ሕንፃው ውስጥ ታይቶ የማይታወቅ ነገር ሆነ። ገዢዎቹ ግምቱ ዝቅ እንዲል ቤታቸውን ማጎሳቆል ጀመሩ። ሁለተኛ ፎቅ ያለችው ሴት እርጥበት የበላውን ግድግዳ በቁም ሳጥን ሸፍና ሰባት ዓመት ኖራለች፤ አሁን ቁም ሳጥኑን ገፍታ ሻጋታውን ለብርሃን አጋለጠችው። የሲስተር የመታጠቢያ ቤት ቧንቧ ሲያንጠባጥብ የቧንቧ ሠራተኛ የጠራ የለም። እትዬ ሜትር መጋረጃዋን ማጠብ ተወች።

የባለመሬቱ ልጅ ደግሞ በተቃራኒው ቀለም ቀቢ ይዞ መጣ። ልጁ ጎልማሳ ነው፤ ሌላ ሰፈር ይኖራል፤ ከአባቱ ውክልና ወስዶ ክሱን የሚከታተለው እሱ ነው፤ ሕንፃው በአባቱ ስም ከቆየ ወራሹም እሱ ነው። ሰባት ዓመት ሙሉ ተልጦ የኖረውን የደረጃ ግድግዳ በሁለት ቀን አረንጓዴ አስቀባው። የግቢው በር ዘይት ተቀባ። የተሰበረው የደረጃ መብራት በራ።

“አየሽ?” አለ ባሏ። “ባላጋራሽ ቤትሽን እያሳመረልሽ ነው።”

“ምን አስቦ እንደሆነማ አውቃለሁ” አለች።

ገማቹ ቀጭን፣ ሳል የያዘው፣ የማይስቅ ሰው ነበር። ከኋላው የባለመሬቱ ልጅ፣ ከልጁ ጎን ሽማግሌው በተተኮሰ ኮት ደረጃውን ይወጣሉ። እትዬ ሜትር ከላይ ሆና ስታይ ጋሽ ባንክ ሽማግሌውን በክርናቸው ያዝ አድርገዋቸዋል። “አንድ ደረጃ ቀርቷል” ሲሉ ሰማቻቸው፤ በጣም ዝቅ ባለ ድምፅ። ደሟ ፈላ። ጭራሽ በአደባባይ!

“ይሄውልህ” አሉ ሽማግሌው ለገማቹ፣ የደረጃውን ግድግዳ በመዳፋቸው መታ መታ እያደረጉ። “ይሄን ነጭ ግድግዳ እየው። ወተት ነው የሚመስለው።”

ሰዉ እርስ በርስ ተያየ። ሲስተር ሳቋን ለማፈን አፏን ያዘች፤ ሽማግሌው እየቀለዱ መስሏታል። ልጁ ቶሎ ብሎ “አባባ፣ ደከመህ፤ እንውረድ” አለ።

“አልደከመኝም። ቤቶቹን ላሳየው እንጂ።”

እትዬ ሜትር ሳሎን ሲገቡ ሽማግሌው መስኮቱ ዘንድ ሄደው መጋረጃውን በሁለት ጣታቸው አሸት አሸት አደረጉ። “ጥሩ ጥጥ ነው” አሉ። እውነትም ጥሩ ጥጥ ነው። ጨርቁ ላይ ያለውን ትልቅ የሻይ እድፍ ግን አላዩትም፤ ጣታቸው እድፉ ላይ ነበር። “ቤቱ እኮ አርጅቷል፣ መጋረጃው እንኳ…” ብላ መናገር ስትጀምር ሽማግሌው ዞሩላት፤ ግን የዞሩት ወደ እሷ ሳይሆን ወደ መስታወቱ ነው።

እትዬ ሜትር ሃያ ዓመት ሙሉ በዓይኗ እንጀራ የበላች ሴት ናት። ክሩን በመርፌው ጎን አሳልፈው ወደ አየር የሚሰዱ አሮጊቶችን ታውቃለች። ክው አለች። እኚህ ሰው አያዩም።

ገማቹ ግድግዳውን አንኳኳ፣ ቧንቧውን ከፍቶ ዘጋ፣ ሻጋታውን አሸተተ፣ ጻፈ፣ ሄደ። እሷ ግን አንድ ጥያቄ ያዛት። ዓይናቸው የማያይ ከሆነ ያን ሁሉ ወረቀት ማን አንብቦላቸው ነው የሚፈርሙት? ጋሽ ባንክ! ለዚህ ነው ለካ በየጠዋቱ የሚወርዱት! ጥርጣሬዋ ይልቁን ባሰ።

የግምቱ ውጤት በተነበበበት ቀን የፍርድ ቤቱ ኮሪደር ጢም ብሎ ሞልቶ ነበር። እትዬ ሜትር ሜትሯን አንገቷ ላይ እንዳጠለቀች ግድግዳ ተደግፋ ቆማለች። የባለመሬቱ ልጅ መጣ። አብራው አንዲት ሴት አለች፤ ሚስቱ መሆን አለባት። ሴትየዋ ጀርባዋን ሰጥታ አግዳሚ ወንበር ላይ ተቀመጠች።

እትዬ ሜትር ሴትየዋን አላየቻትም፤ ያየችው ቀሚሱን ነው። ጥቁር ሰማያዊ፣ አንገቱ ከኋላ የተሰነጠቀ። ያን አንገት አልቀመጥ ብሏት ሦስት ጊዜ ፈትታ ሰፍታዋለች። የገዛ እጇን ሥራ አታጣውም።

ከሁለት ወር በፊት ያቺ ሴት ልትለካ መጥታ መስታወቱ ፊት ቆማ ነበር። “ቤቱ የራሳችሁ ነው? እንዴት ያምራል! አሁን ስንት ያወጣል?” አለቻት። እትዬ ሜትርም ስፒሎቹን ከአፏ አውጥታ፣ ደረቷን ነፍታ፣ “ኧረ ተይኝ! እዚህ ሕንፃ ላይ እጥፍ እንክፈላችሁ ብለው የሚለምኑ አሉ። በቀደም ዕለት እንኳ አራተኛ ፎቅ ያለችውን ሲስተርን…” ብላ ነገሩን ከነቃሉ ነገረቻት። ሌላ ሰው አልነበረም። ወሬውን ያወረደችው ራሷ ናት።

ሴትየዋ ሆን ብላ መጥታ ይሁን ወይስ ለቀሚስ ብቻ፣ እትዬ ሜትር እስከ ዛሬ አታውቅም። ሴትየዋ ዞር ስትል ዓይን ለዓይን ተጋጩ። የቀሚሷን አንገት ስፌት በእጇ ሸፈን አደረገችው።

ዳኛዋ ብዙም አላስረዘሙ። ግምቱ ከታችኛው ፍርድ ቤት ጣራ በላይ ነው፤ ፍርድ ቤቱ ሥልጣን የለውም፤ መዝገቡ ተዘግቷል፤ ከሳሾች ሥልጣን ላለው ፍርድ ቤት የማቅረብ መብታቸው የተጠበቀ ነው። ጠበቃዋ ወረቀቷን ሰበሰበች። ሲስተር አለቀሰች።

በዚያው ቀን ከሰዓት በኋላ እትዬ ሜትር የጋሽ ባንክን በር አንኳኳች። ሲከፍቱላት ደፍ ላይ እንደቆመች፣

“ጋሼ፣ ይቅር ይበሉኝ። ወሬውን ያወጣሁት እኔ ነኝ። ወሬ አውራጁ እርስዎ መሰሉኝ። ለሰውም ነገርኩ” አለች።

“ለሰው መንገርሽን አውቀዋለሁ” አሉ ጋሽ ባንክ። “ሰባት ዓመት የተጎራበትኩት ሰው ‘ደህና ዋሉ’ ማለት ሲከብደው ሳይ አውቄዋለሁ።”

“ዳቦ ልገዛ ነው ሲሉኝ እኮ…”

“ምን ልበልሽ? ሰውዬው ዓይናቸው ከጠፋ ሁለት ዓመት ሆኗቸዋል። ‘ለማንም እንዳትናገር፤ ሰው ካወቀ ይጫወትብኛል’ ብለው አስምለውኛል። ጋዜጣ አነብላቸዋለሁ፤ የመድኃኒታቸውን ሰዓት እነግራቸዋለሁ። ያን ቀን መስታወቱ ፊት አንቺ ራስሽ እንደነቃሽባቸው ስላየሁ ነው አሁን የምነግርሽ።”

“የክሱንስ ወረቀት?”

“እሱን አያስነኩኝም። ‘አንተ ባላጋራዬ ነህ፣ ሌላ ነገር ብለህ ብታነብልኝስ?’ ይላሉ። የክሱን የሚያነብላቸው ልጃቸው ነው።”

እትዬ ሜትር ሜትሯን ከአንገቷ አወረደችና እጇ ላይ ጠቀለለችው። “ምን ብሎ እንዳነበበላቸው ማወቅ አለብን” አለች።

በማግስቱ ሦስት ሰዓት ላይ ሁለቱ አብረው ወረዱ። ሽማግሌው የሌላ ሰው እግር እንዳለ ወዲያው አወቁ። “ይሄ የማን እግር ነው?” አሉ።

“እኔ ነኝ አባባ፣ ከሦስተኛ ፎቅ። ልብስ ሰፊዋ።”

“ነገርካት!” ብለው ጋሽ ባንክ ላይ ጮኹ።

“አልነገሩኝም። ግድግዳው አረንጓዴ ሲሆን እርስዎ ነጭ ነው ብለው ነው ያወቅሁት።”

ሽማግሌው ኩም አሉ። ከዚያም ቁጣቸውን ሁሉ ወደ እሷ አዞሩት። “ታዲያ ምን ቀረሽ? የምተኛባትን ክፍል ልትወስጂ ነው የመጣሽው? ኮንትራክተሩ ለጎደለባችሁ ነገር ሁሉ የእኔን ምድር ቤት እንካፈል ብላችሁ መክሰሳችሁን የማላውቅ መሰለሽ?”

እትዬ ሜትርና ጋሽ ባንክ ተያዩ።

“ማን አለ?” አለች።

“ተጽፏላ!”

“አባባ፣ እንዲህ የሚል አንድም መስመር የለም። ወረቀቱን ይዤዋለሁ፣ ላንብብልዎ…”

“አንቺ? አንቺ አንብበሽልኝ እኔ ልመን? ወይስ እሱ?”

እውነታቸውን ነው። ወረቀቱ ጠረጴዛው ላይ አለ፤ የሚያምኑት ዓይን ግን እዚያ ክፍል ውስጥ የለም። በዚህ መሐል በሩ ተንኳኳ።

“ማን ነው?”

“ውሃ ቆጣሪ!”

ሽማግሌው ቀና አሉ። “ግባ። ማንበብ ትችላለህ?”

ቆጣሪ አንባቢው ደብተሩን በብብቱ ይዞ ግራ ተጋብቶ ገባ። “ሥራዬ እኮ ነው አባባ።”

“ቁጥር አይደለም፣ ፊደል። ከእነዚህ ሰዎች የምታውቀው አለ?”

ሰውዬው ሁለቱን አየና፣ “ቆጣሪያቸውን ነው የማውቀው” አለ።

“እንግዲያስ ተቀመጥ።”

ቆጣሪ አንባቢው እንደ ተማሪ ጣቱን እያስከተለ ክሱን ከላይ እስከ ታች አነበበ። ከባድ ቃል ሲመጣበት ይቆማል፣ ይንተባተባል፣ ይቀጥላል። ሰባተኛው ተራ ላይ ሲደርስ፣ “ይህ ክስ በምድር ወለል ላይ የሚገኙትን የተከሳሽ ሁለት ቤቶች አይመለከትም” አለ።

“ድገመው።”

ደገመው።

“አይመለከትም ነው ወይስ ይመለከታል?”

“አይመለከትም ነው አባባ። ‘አ’ዋ በግልጽ ተጽፋለች።”

ሽማግሌው እጃቸውን ዘርግተው ወረቀቱን ከሰውዬው ተቀበሉ። ቆጣሪ አንባቢው ሥራው እንደረፈደበት በዓይኑ ለጋሽ ባንክ ነገራቸው፤ ጋሽ ባንክ በእጃቸው ሸኙት። እትዬ ሜትር ሽማግሌው ልጃቸውን ሲረግሙ ለመስማት ተዘጋጅታ ነበር። እሳቸው ግን፣ “ልጄ ቸኩሎ አንብቦት ይሆናል” አሉ። “ሥራ ይበዛበታል።” ሁለቱም አልተቃወሟቸውም።

ያን ሳምንት ሽማግሌው ውክልናውን አነሱ። ለምን እንዳነሱ ለማንም አልተናገሩም። ልጁ አንድ ቀን መጥቶ ከውስጥ ሲጮህ ተሰማ፤ በሩን በርግዶ ወጣ፤ ከዚያ በኋላ ለጥቂት ወራት አልታየም።

ገዢዎቹ በአዲሱ ግምት ከፍተኛው ፍርድ ቤት ከሰሱ። ክፍያው ከበዳቸው፤ እትዬ ሜትር ጥፋቱ የእኔ ነው ብላ ከድርሻዋ በላይ ልትጨምር ስትል ሲስተር “እኔም እኮ ያወራሁት ልኩራራ ብዬ ነው” ብላ እጇን መለሰችላት። በቀጠሮው ቀን ሽማግሌው በጋሽ ባንክ ክንድ ተደግፈው መጡ። ሦስቱ ዳኞች “በግምቱ ላይ ተቃውሞ አለዎት?” ሲሏቸው “የለኝም” አሉ። “በስም ማዛወሩስ?” ሲሏቸው ፊታቸውን ወደ ድምፁ አቅንተው፣ “ምድር ቤቴ እንደማይነካ ይጻፍልኝና አዛውራለሁ። ግን የተጻፈውን ፍርድ ቤቱ ራሱ ያንብብልኝ” አሉ። የመሐል ዳኛው የእርቅ ውሉን ቀስ ብለው አነበቡላቸው። ፈረሙ።

ካርታዎቹ እስኪወጡ አራት ወር ፈጀ። እትዬ ሜትር የራሷን ልትቀበል ባሏን አስከትላ ሄደች። መስኮቱ ላይ ያለችው ጸሐፊ ወረቀቱን ስታቀብላት ፈገግ ብላ “እንኳን ደስ አለሽ” አለቻት። እትዬ ሜትር አመሰገነችና ከመስኮቱ ሳትነቃነቅ ማንበብ ጀመረች። የካሬ ሜትሩ ቁጥር ልክ ነው። የቤቱ ቁጥር ልክ ነው። የአባቷ ስም ላይ ግን አንድ ፊደል ተሳስቷል።

“ይሄን ማን ነው የጻፈው?” አለች።

“የመተየብ ስህተት ነው፣ እናስተካክላለን” አለች ጸሐፊዋ።

“አውቃለሁ። ማን ነው የተየበው ነው ያልኩሽ?”

ባሏ ክንዷን ነካ አድርጎ “ተይ እንጂ፣ ፊደል እኮ ናት” አላት። እሷ ግን ከመስኮቱ ፊት ወንበር ስባ ተቀመጠች፤ ፊደሏ ተስተካክላ አዲሱ ወረቀት እጇ እስኪገባ ድረስም አልተነሳችም።